የሳኦል ጦር፤ ሚስቱን ስለሚያስጨንቅ ባልና ስለሚያስታርቁ ሽማግሌዎች የተጻፈ ምክር

የተወደድህ አንባቢ ሆይ፤ ንጉሥ ሳኦል በዳዊት ላይ ጦሩን እንደ ወረወረ በመጀመሪያው መጽሐፈ ሳሙኤል የተጻፈውን ታሪክ ከልጅነትህ ጀምረህ ሰምተኸዋል። እኔም በሚሲዮን ትምህርት ቤት ሳለሁ ታሪኩን በቃሌ አጥንቼው ነበር፤ መምህራችን በጠየቁን ጊዜም ምዕራፉን ሳልሳሳት እመልስ ነበር። ነገር ግን ነገሩን ያስተዋልሁት ጠጕሬ መሸበት ከጀመረ በኋላ ነው። ያስተማረኝም መምህር አይደለም፤ በአቃቂ በሰቃ ከቤታችን ሳትርቅ ትኖር የነበረች አንዲት ሴት ናት እንጂ። ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ስለ እርስዋ ነው፤ ከእርስዋም ይልቅ ስለ በደሌ ነው።

አስቀድመህ የሳኦልን ነገር በሙሉ ተመልከት። ሳኦል ዳዊትን ከመጀመሪያው የሚጠላው አልነበረም። እጅግ ወደደው፥ ጋሻ ጃግሬውም አደረገው፤ ክፉ መንፈስ በተጫነው ጊዜ የሚያሳርፈው የዳዊት በገና ነበረ። ሴቶች ዳዊትን ከእርሱ አብልጠው ባመሰገኑት ቀን ግን ዓይኑን ጣለበት፥ ይከታተለውም ጀመር። ከዚህ በኋላ ጦሩን ወረወረ። ልጁ ዮናታን በመካከል ገብቶ ለመነው፤ ሳኦልም ዳዊትን እንዳይገድለው በእግዚአብሔር ስም ማለለት፥ ዳዊትም ተመልሶ እንደ ቀድሞው በፊቱ ተቀመጠ። ጥቂት ቈይቶ ጦሩ ዳግመኛ ተወረወረ፥ ግድግዳውንም ወጋ። ከዚያ በኋላ በዓይንጋዲ ዋሻ ዳዊት ሊገድለው ሲችል በተወው ጊዜ፥ ሳኦል ድምፁን ከፍ አድርጎ አለቀሰ፤ ልጄ ብሎም ጠራው። ሁለት ምዕራፍ ቈጥረህ እለፍና ያው ሰው ሦስት ሺህ የተመረጡ ወታደሮች አስከትሎ ዳዊትን ሲያድን ታገኘዋለህ። እንደ ገናም ምሕረት በተደረገለት ጊዜ፥ በድያለሁ፥ ስንፍና አድርጌአለሁ፥ ተመለስ፥ ከእንግዲህ ክፉ አላደርግብህም አለ።

እነዚህን ምዕራፎች ለየብቻ ስናስተምራቸው የዳዊት ትዕግሥት ብቻ ይታየናል። በአንድ ቀን ቍጭ ብለህ ስታነብባቸው ግን አንድ መንኰራኵር ሲዞር ታያለህ፤ ቅናት፥ ጦር፥ መሐላ፥ ጸጥታ፤ ደግሞም ቅናት፥ ጦር፥ ልቅሶ፥ ጸጥታ። የሳኦል ልቅሶ ሐሰት ነበረን? አይመስለኝም። በዚያች ሰዓት የወረደው እንባ እውነተኛ እንባ ነበረ። እንባው ግን ጦሩን ከእጁ አላስጣለውም።

አሁን ወደ ሴቲቱ እመለሳለሁ። በፋብሪካ ተቀጥራ በፈረቃ ትሠራ ነበር፤ ባልዋም በጉባኤያችን ድምፁ ያማረ፥ ለመባ እጁ የማይታጠፍ ሰው ነበረ። ሥራዋን ስትፈጽም ዘወትር በበሩ ቆሞ ይጠብቃት ነበር። እኛም ይህን አይተን፦ እንዴት ያለ ፍቅር ነው! እንል ነበር፤ እኔማ ስለ ጋብቻ ሳስተምር ስሙን ሳልጠራ ምሳሌ አድርጌ ተናግሬበታለሁ። እርሱ ግን በበሩ የሚቆመው ደቂቃዋን ሊቈጥር ነበር። ደመወዝዋን በተቀበለች ቀን እዚያው ይረከባት ነበር፤ ለታክሲ የሚበቃትን ቈጥሮ ይመልስላታል። ከሥራ ባልንጀሮችዋ ጋር ከገባችበት ዕቁብ አስወጣት። እናትዋ በቢሾፍቱ ይኖሩ ነበር፤ መንገዱም ቅርብ ነው። ነገር ግን እናትዋን ለማየት በሄደች ቍጥር ከመሄድዋ በፊት አንድ ሳምንት፥ ከተመለሰችም በኋላ አንድ ሳምንት ኵርፊያ ስለሚሆን መሄዱን ራስዋ ተወችው፤ እንዲህም ሆኖ ሁለት ዓመት ሙሉ ሳታያቸው ቀረች። በጠየቅነው ጊዜ፦ እኔ አልከለከልኋትም፥ ራስዋ ናት የተወችው አለን። ቃሉ እውነት ነበረ፤ ዲያብሎስም ጌታችንን በፈተነው ጊዜ ከመጽሐፍ ጠቅሶ ነበርና እውነተኛ ቃል ሁሉ ከመልካም ልብ አይወጣም። ማታ ማታም የእጅ ስልክዋን ይመረምር ነበር። ይህ ሁሉ ሲሆን እጁን ገና አላነሣም።

አንድ ማታ ፈረቃው ሩብ ሰዓት ያህል ዘግይቶ ተለቀቀ። የዚያን ሌሊት የሆነውን ጎረቤቶች ሁሉ በጭቃው ግድግዳ በኩል ሰሙ፤ አንዱም የሬዲዮኑን ድምፅ ከፍ አደረገ። በሦስተኛው ቀን ባልየው እንደ አገራችን ልማድ ድንጋይ ተሸክሞ በፊታችን ወደቀ። ሦስት ሽማግሌዎች ነበርን። ከእኛ ሁሉ አብዝቶ የተናገርሁ እኔ ነኝ። ጳውሎስ ስለ ፍቅር ለቆሮንቶስ ሰዎች የጻፈውን ምዕራፍ አነበብሁላት፤ ፍቅር ታጋሽ እንደ ሆነም ነገርኋት። እርስዋ አንዲት ቃል አልተናገረችም፤ ዝምታዋንም ስምምነት ነው ብለን ቈጠርነው። ቡና ተፈላ፥ አዲስ ነጠላ ገዝቶ አለበሳት፥ እኛም ጸልየን ወጣን። ሦስት ሳምንት ያህል ሳህን ሲያጥብ ታየ፤ እናትዋም ዘንድ ራሱ ወሰዳት። ደስ አለኝ። የምሥራች ሰባኪ ከሆንሁ ወዲህ እንደዚያ ያለ መልካም ፍሬ አላየሁም ብዬ ለባለቤቴ ነገርኋት። ባለቤቴም፦ እስኪ ክረምቱ ይለፍ አለችኝ። ሴቶች እርስ በርሳቸው የሚያውቁትን ነገር እኛ ወንዶች ስናውቀው ይመሻል።

ከሰባት ወር በኋላ ዳግመኛ ሆነ፤ ዳግመኛም ድንጋይ ተሸከመ፤ እኔም ዳግመኛ መለስኋት። በሦስተኛው ጊዜ ከሽማግሌዎች ቤት አስቀድማ ሐኪም ቤት ደረሰች። ዛሬ በግራ ጆሮዋ አትሰማም። ቃል በሚነገርበት ጊዜ ቀኝ ጆሮዋን ወደ ተናጋሪው ዘወር አድርጋ ትቀመጣለች። አንባቢ ሆይ፤ እኔ ቆሜ ስሰብክ አንዲት ሴት ፊትዋን ዘወር አድርጋ ስትሰማኝ ምን እንደሚሰማኝ አንተ ገምተው።

ይቅርታ ልጠይቃት በሄድሁ ጊዜ እንዲህ አለችኝ፦ ጋሼ፥ እርስዎ ሲመልሱኝ አልተጣላሁዎትም፤ እኔም መመለስ እወድድ ነበር። ባሌ ያ ድንጋይ የተሸከመው ሰው ይመስለኝ ነበር። የሚመታኝ ደግሞ አልፎ አልፎ ወደ ቤታችን የሚገባ ሌላ ሰው ነው እል ነበር፤ ጥሩ ሆኜ ብኖር ያ ሌላው ሰው መምጣቱን የሚተው ይመስለኝ ነበር። አሁን ግን አንድ ሰው እንደ ሆኑ አወቅሁ።

ከዚህ ይልቅ የተገለጠ ትምህርት ከማንም አልሰማሁም። የተማሩ ሰዎችም ይህንኑ ነገር መርምረው ጽፈውታል። ሌኖር ዎከር የተባሉ አሜሪካዊት የሥነ ልቦና ሊቅ በባሎቻቸው የተደበደቡ ብዙ ሴቶችን ጠይቀው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1979 ባሳተሙት መጽሐፍ፥ ነገሩ እንደ መንኰራኵር ሦስት ወራት እንዳሉት አመለከቱ። በመጀመሪያ ጭንቀቱ ይከማቻል፤ ወጡ ቀጠነ፥ በሩ ዘገየ፥ ልጁ አለቀሰ በማለት ባል ይቈጣል፥ ሚስትም እንደ ድመት በእግር ጣትዋ ትሄዳለች። ቀጥሎ ቍጣው ይፈነዳል። ከዚያም የጸጸትና የስጦታ ወራት ይመጣል። ሁሉም ቤት በዚህ ሥርዓት ይሄዳል ማለት አይደለም፤ ድንጋይ ተሸክሞ የማያውቅ ጨካኝም አለ፤ ዓመታት ሲያልፉም የጸጸቱ ወራት እያጠረ ሄዶ የሚጠፋበት ቤት ብዙ ነው። ነገር ግን በሽማግሌነት የተቀመጥህባቸውን ቤቶች አስታውስና ፍረድ።

በአቃቂ ወንዝ ዳር የሚኖሩ ሰዎች ይህን ለማስተዋል ሩቅ አይሄዱም። በበጋ ወንዙን ያየ እንግዳ ሰው ሕፃን የሚሻገረው ትንሽ ውኃ ነው ይላል። በነሐሴ ሙላቱ ቤት የወሰደበት ሰው ግን በበጋም ሲያየው ያው ወንዝ እንደ ሆነ ያውቃል። እኛ ሽማግሌዎች ሁልጊዜ የምንጠራው በመስከረም ነው፤ ሙላቱ ጐድሎ፥ አደይ አበባ ፈንድቶ ሳለ። ስለዚህ ባልየውን ባየነው ቍጥር መልካም ሰው ሆኖ እናገኘዋለን።

ብዙ ሰዎች፦ እንግዲያስ ስለ ምን አትሄድም? እያሉ ይጠይቃሉ፤ ጥያቄው ሁልጊዜ ስለ እርስዋ ነው፥ እርሱ ስለ ምን ይመታል ብሎ የሚጠይቅ ጥቂት ነው። መልሱ አንድ አይደለም። ደመወዝዋ በእጅዋ የለም። ከእናትዋና ከባልንጀሮችዋ ተለይታለች፤ ቀስ ተብሎ የተደረገው ይህ ነበርና። ልጆች አሉ፥ እፍረትም አለ፥ ቻይው የሚል ዘመድም አለ። ደግሞም ከዚህ ሁሉ የሚጠነክር አንድ ማሰሪያ አለ። ሁልጊዜ ክፉ የሆነ ሰው ቢሆን ልብ ይቈርጥ ነበር፤ ክፉውና ደጉ ሲቀላቀል ግን ልብ ደጉን እየጠበቀ ይታሰራል። ቁማርተኛ ሁልጊዜ ቢሸነፍ ቁማሩን ይተው ነበር፤ አንዳንድ ጊዜ ማሸነፉ ያስረዋል። የመታት እጅ ራሱ እንባዋን ሲጠርግላት፥ የሚያጽናናት ሌላ ሰው በአጠገብዋ ከሌለ፥ ወደዚያው እጅ ትጠጋለች። ይህን ስንፍና ብለህ አትጥራው። ከታሰረ ሰው ሁሉ ልብ ይህ ይገኛል።

እኛ ክርስቲያኖች ደግሞ በዚህ ማሰሪያ ላይ ሌላ ማሰሪያ ጨምረናል፤ ይኸውም በመጽሐፍ ነው። ጳውሎስ ለኤፌሶን ሰዎች ሚስቶች ለባሎቻቸው ይገዙ ዘንድ የጻፈውን እናነብባለን፤ ባል ሚስቱን ክርስቶስ ቤተ ክርስቲያንን እንደ ወደደ ይውደድ፥ ራሱንም ስለ እርስዋ ይስጥ ያለውን ግን ፈጥነን እናልፋለን። ቈጥረህ እይ፤ በዚያ ምዕራፍ ለባሎች የተሰጠው ትእዛዝ ለሚስቶች ከተሰጠው ይረዝማል። ለቈላስይስ ሰዎችም ባሎች መራራ እንዳይሆኑባቸው አዝዞአል። ጴጥሮስ ደግሞ ሚስቱን የማያከብር ባል ጸሎቱ እንደሚከለከል ይናገራል። እንግዲህ ያ ሰው በጉባኤያችን መካከል ባማረ ድምፅ ሲጸልይ ጸሎቱ ከጣሪያው በላይ አልወጣም ነበር፤ እኛም አሜን እንል ነበር።

ይህ አዲስ ትምህርት ከፈረንጅ የመጣ ነው የሚል ካለ፥ አፈ ወርቅ የተባለው ቅዱስ ዮሐንስ ከ1600 ዓመት በፊት የመጀመሪያውን የቆሮንቶስ መልእክት ሲተረጕም በሃያ ስድስተኛው ስብከቱ ምን እንዳለ ይመርምር። ሚስትን መምታት የመጨረሻ ውርደት ነው አለ፤ ውርደቱም የተመታችው ሳይሆን የመታው ነው። ጩኸት በመንገዱ ሲሰማ ጎረቤትና መንገደኛ አውሬ የገባበት ቤት ይመስል ወደዚያ ደጅ እንደሚሮጡም ተናገረ። በአንጾኪያ ጎረቤት ይሮጥ ነበር፤ በእኛ ሰፈር ግን ሬዲዮን ከፍ ይደረጋል።

በአገራችን ሴትን ከአህያ ጋር አስተባብሮ ለሁለቱም ዱላ የሚያዝዝ ተረት አለ፤ ልጆቻችንም በሳቅ ይማሩታል። ይህ ሳቅ ምን እንዳፈራ እይ። በ2008 ዓ.ም. በመላ ኢትዮጵያ በተደረገው የሕዝብና የጤና ጥናት፥ ባል አግብተው ከሚያውቁ ከ15 እስከ 49 ዓመት ከሆናቸው ሴቶች ከመቶ 34 የሚሆኑት በባሎቻቸው በአካል ወይም በሩካቤ ወይም በመንፈስ ግፍ ደርሶብናል አሉ። በዚያው ጥናት ወጥ ማሳረርን፥ ሳይናገሩ መውጣትን፥ መከራከርን በመሰለ ምክንያት ባል ሚስቱን ቢመታ ይገባዋል ብለው ቢያንስ በአንዱ ምክንያት የተስማሙት ከወንዶች ከመቶ 28 ሲሆኑ፥ ከሴቶች ግን ከመቶ 63 ነበሩ። ይህን ቍጥር ደግመህ አንብበው። የተመታችው ከመቺው ይልቅ ዱላውን ይገባል ማለትዋ ያስደነግጣል፤ ነገር ግን ያስተማርናት እኛ ነን። የዓለም የጤና ድርጅት በአውሮፓ አቆጣጠር በ2005 ባወጣው የብዙ አገሮች ጥናትም፥ በቡታጅራ ገጠር ከተጠየቁት ሴቶች ከመቶ 71 የሚሆኑት በሕይወታቸው ዘመን ከባል ወይም ከወዳጅ በአካል ወይም በሩካቤ ግፍ አግኝቶአቸው ነበር።

የምድራዊው ሕግ ከብዙ ሰባኪዎች ቀድሞ ተመለሰ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተ ሰብ ራስ አድርጎ ሚስት ትታዘዘው ዘንድ ያዝዝ ነበር። በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተ ሰብ ሕግ ግን ባልና ሚስት ቤታቸውን በእኩል መብት እንዲያስተዳድሩ፥ እንዲከባበሩና እንዲደጋገፉ ደነገገ። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግም በ564ኛው አንቀጽ በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸመውን ግፍ ለይቶ ጠርቶ ያስቀጣበታል። ስለዚህ፦ የቤት ገመና ነው፥ ወደ ውጭ አይወጣም የሚል ሽማግሌ ወንጀል ሲሸፍን እንደሚገኝ ይወቅ። ጠብና ግፍ አንድ አይደሉም። ስለ ልጆች ትምህርት ወይም ስለ ገንዘብ ሁለቱ እኩል ድምፅ ይዘው ቢጣሉ ሽማግሌ ይግባ፥ ያስታርቅ፥ ዋጋውም በሰማይ ነው። አንዱ ሲፈራ አንዱ ሲያስፈራ ግን የሚታረቅ ነገር የለም፤ የሚቆም ነገር ነው ያለው።

ሽማግሌ ወንድሜ ሆይ፤ ዮናታንን ተመልከት። እርሱ እንደ እኔና እንደ አንተ ሽማግሌ ነበረ፤ በቅን ልብ ገብቶ አባቱን አስማለ፥ ዳዊትንም እጁን ይዞ ወደዚያው ቤት መለሰው። መሐላው ግን ጦሩን አልከለከለም። በሃያኛው ምዕራፍ ዮናታን ስለ ዳዊት እንደ ገና በተናገረ ጊዜ ሳኦል ጦሩን በገዛ ልጁ ላይ አነሣ። በዚያን ጊዜ ዮናታን አባቱ ዳዊትን ለመግደል እንደ ቈረጠ ዐወቀ። ከዚያ በኋላ፦ ተመለስ፥ አባቴ ነው፥ ሽማግሌ ነው፥ ቻለው አላለም። ወደ ሜዳ ወጥቶ በፍላጻ ምልክት ሰጠው፥ አቅፎት አለቀሰ፥ በሰላም ሂድ ብሎም አሰናበተው። እኔ ግን ጦሩ እስኪደርስብኝ አልጠበቅሁም እንዳልል፥ በእኔ ላይ ከቶ አልደረሰም፤ በሌላ ሰው ጆሮ ነው የተማርሁት።

ብዙ ጊዜ የሚያታልለን ጸጸቱ ነው። ፈርዖንን አንብብ። በረዶው በወረደ ጊዜ በድያለሁ አለ፤ አንበጣው በመጣ ጊዜም እንዲሁ አለ። መቅሠፍቱ ፀጥ ባለ ጊዜ ሁሉ ግን ልቡን አጸና። ለፈርዖን ያስጨነቀው መቅሠፍቱ ነበረ እንጂ የእስራኤል ዋይታ አልነበረም። የባልየውም ድንጋይ እንዲሁ ነው፤ ሚስቱ እንዳትሄድ፥ ሰው እንዳያውቅበት፥ ወጥ የሚሠራለት እንዳያጣ ይሸከመዋል። ዘኬዎስን ግን እይ። ጌታችን ወደ ቤቱ በገባ ቀን ተነሥቶ የቀማውን አራት እጥፍ እመልሳለሁ አለ። የቀማቸው ሰዎች ወዳጆቹ ይሆኑ ዘንድ፥ ይቅር ይሉት ዘንድ፥ በማዕዱም ይቀመጡ ዘንድ አልጠየቀም። የተመለሰ ሰው ስለ መለሰው ነገር ዋጋ አይጠይቅም። ስለዚህ በፊትህ የሚያለቅስ ባል ባየህ ጊዜ አንድ ነገር ጠይቀው፦ ሚስትህ ከቶ ባትመለስ፥ የበደልህን ትክሳለህን? መልሱን በጆሮህ ሳይሆን በዓይንህ ጠብቅ፤ አንድ ዓመት ጠብቅ።

እኅቴ ሆይ፤ ይህ ጽሑፍ በእጅሽ ገብቶ ከሆነ በእልፍኝ ሳይሆን ብቻሽን በምትሆኚበት ስፍራ አንብቢው፥ ካስፈለገም ጣዪው። ክርስቶስ መስቀሉን ተሸከሙ ያለው የባልን ጡጫ አይደለም። ጌታ ራሱ በናዝሬት ከገደሉ ሊጥሉት በወሰዱት ጊዜ በመካከላቸው አልፎ ሄደ፤ ጳውሎስ በደማስቆ በቅርጫት ሆኖ በቅጥሩ ወረደ፤ ዳዊትም ሚስቱ ሜልኮል በመስኮት አውርዳው አመለጠ። ከሚገድል እጅ መሸሽ የእምነት ማነስ ከሆነ እነዚህ ሁሉ ከእምነት ጐድለዋል።

ነገር ግን በጥበብ ሽሺ። እሄዳለሁ ብለሽ በቍጣ አትንገሪው። የሚገዛ ሰው ከሁሉ ይልቅ የሚከፋው የሚገዛው ሲያመልጠው ነውና የመለያየቱ ወራት ከሁሉ የሚያሰጋ ነው። በአውሮፓ አቆጣጠር በ2011 በዚህችው በአዲስ አበባ በአየር መንገድ አስተናጋጅነት ትሠራ የነበረችውን ሴት የቀድሞ ባልዋ ሁለት ዓይኖችዋን እንዳጠፋባት አገር ሁሉ ሰምቶ አልቅሶአል። ልብ በዪ፤ የቀድሞ ባልዋ ነበረ። መታወቂያሽን፥ የልጆችሽን የልደት ወረቀት፥ የባንክ ደብተርሽን አስቀድመሽ ከምታምኛት ሴት ዘንድ አኑሪ። በተመታሽ ቀን ሐኪም ዘንድ ሄደሽ ጕዳትሽ በጽሑፍ እንዲሆን አድርጊ፤ ወደቅሁ አትበዪ። በጋንዲ መታሰቢያ ሆስፒታል ግፍ የደረሰባቸው ሴቶች ሕክምናና የሕግ እርዳታ በአንድ ስፍራ የሚያገኙበት ክፍል ተቋቁሞአል። የኢትዮጵያ ሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ያለ ዋጋ ምክር ሲሰጥ ኖሮአል፤ የሴቶች ማረፊያና ልማት ማኅበርም የሚሸሹ ሴቶችን ከነልጆቻቸው ያስጠልላል። ከእነዚህ ወደ አንዱ ለመድረስ የሚያደርስሽን ሰው ስትፈልጊ፥ አስቀድመሽ ወደ ሴቶች ሂጂ። ወደ ሰባኪ ብትሄጂና ሰባኪው ቻይው ቢልሽ፥ ሰባኪ ይሳሳታል፤ አንዱን አውቀዋለሁ።

አንተ ደግሞ ይህን ስታነብ እጅህ የሚንቀጠቀጥ ወንድሜ ሆይ፤ ተቈጥቼ ነው አትበል። በአለቃህ ፊት ብዙ ጊዜ ተቈጥተሃል፥ አለቃህን ግን አልመታኸውም። እንግዲህ እጅህን መያዝ ትችላለህ፤ ማንን እንደምትመታም ትመርጣለህ። ጠጥቼ ነው አትበል፤ መጠጡ በመንገድ ያገኘኸውን ፖሊስ አላስመታህም። ለመመለስ የምትወድድ ከሆነ በሚስትህ ፊት ሳይሆን አስቀድመህ በእግዚአብሔርና በወንዶች ፊት ተናዘዝ፤ ያደረግኸውን ነገር በስሙ ጥራው፥ እጄ አመለጠኝ አትበል፥ መታኋት በል።

ያ ሰው ባለፈው ዓመት ወደ ቤቴ መጣ። እንደ ልማዱም ድንጋይ ሊሸከም ወደደ፤ እኔም ድንጋዩን ከደጄ ውጭ አኑር አልሁት። ጋሼ፥ እንደ ቀድሞው አስታርቁኝ አለኝ። አላስታርቅህም፤ ወደ እርስዋም መልእክትህን አላደርስም፥ የምትኖርበትንም ብጠየቅ አልናገርም፤ አንተ ግን ሐሙስ ሐሙስ ብትመጣ አብሬህ እቀመጣለሁ አልሁት። ይመጣል፤ አንዳንድ ሐሙስም ይቀራል። የወሰደባትን ደመወዝ አስልተን በየወሩ በዕድሩ ዳኛ እጅ ይመልስላት ዘንድ ተስማማን፤ ዳኛውም ለእርስዋ ያደርሱላታል፥ መልስ አያመጡም። አራት ወር ከፈለ። በአምስተኛው ወር ገንዘቡን በጠረጴዛው ላይ አኑሮ፦ እስከ ዛሬ የከፈልሁትን አይታ ምንም አላለችምን? ብሎ ጠየቀኝ።

እኔም የሉቃስን ወንጌል አሥራ ዘጠነኛውን ምዕራፍ ከፈትሁና እንደ ገና ከመጀመሪያው አነበብሁለት።